አጎቴ ከሳሽ፣ አጎቴ ተከሳሽ

አጎቴ የማህበራችንን ጀልባ በአይሱዙ አስጭነው ወደ ቤታቸው የወሰዷት በሚስታቸው የአርባ ተዝካር ማግስት ነው። እኔ በዚያ ሰዓት ሐይቁ ዳር ባለችው ዓሣ መጥበሻ ቤቴ ምድጃ ላይ ቆሜ ዓሣ እያገላበጥኩ ነበር። ቀና ብል ጀልባችን መንገድ ለመንገድ ትሄዳለች። ውሃ ላይ ስትሄድ ዞር ብሎ የማያያት የሐይቅ ሰው፣ አይሱዙ ላይ ስትወጣ ጊዜ ባጃጁም ሚኒባሱም ሙሽራ የሚያጅብ ይመስል ጡሩንባ እየነፋ ተከተላት። አጎቴ ጋቢና ውስጥ ጋቢያቸውን ደርበው፣ ግራ ቀኝ ሳያዩ ተቀምጠዋል። እየሮጥኩ ደረስኩና "ምን እያደረጉ ነው አጎቴ?" አልኳቸው። መስኮቱን ዝቅ አድርገው "የሥራ አስኪያጅ ትእዛዝ ነው" አሉኝና ሄዱ። ስመለስ ዓሣው አሯል።

ሥራ አስኪያጁ ማን ሆነና ነው ያዘዘው? እሳቸው ናቸው። ነገሩን ከሥሩ ልንገራችሁ።

ማህበራችን አራት አባላት ያሉት ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማህበር ነው። አንዷ እኔ ነኝ። ሁለተኛው ከተማው መሃል ሱቅ ያላቸው ሐጂ ናቸው። ሦስተኛው ከልጅነቱ ጀምሮ በዚህ ሐይቅ ላይ መረብ ሲጥል የኖረ ዓሣ አስጋሪ ነው። አራተኛው በአምባሰል በኩል የሚኖሩት የእናቴ ወንድም፣ አጎቴ ናቸው። ሥራችን ሰው በጀልባ ማንሸራሸር ነው፤ ሙሽሮች ፎቶ ይነሱባታል፣ ከግሸን የሚመለስ መንገደኛም ሐይቅ ላይ ሲያርፍ በእሷ አንድ ዙር ዞሮ ነው የሚሄደው። ሐጂ ገንዘብ አዋጡ፣ አስጋሪው ሞተሩን ሰጠ፣ አጎቴ ደግሞ ግቢያቸው የነበረውን ትልቅ ዋንዛ አስቆርጠው ጀልባዋ ከእሱ ተሠራች። እኔ ያን ጊዜ በሰው ቤት ተቀጥሬ ዓሣ የምጠብስ ሰው ነበርኩ፤ የማዋጣው ነገር አልነበረኝም። አጎቴ "የዋንዛው ግማሽ በእሷ ስም ይጻፍ" አሉና ባለድርሻ ሆንኩ። ጀልባዋ ሥራ ስትጀምር ነው እኔም የራሴን ቤት የከፈትኩት፤ ከጀልባዋ የሚወርድ ሰው ርቦት ስለሚወርድ።

መመስረቻ ጽሑፉ ሲዘጋጅ "ሥራ አስኪያጅ ማን ይሁን?" ተባልን። ሁላችንም ወደ አጎቴ ዞርን። በእኛ አገር ሽማግሌ ተቀምጦ የሌላ ሰው ስም አይጠራም። ወንበር ሲመጣ መጀመሪያ ለእሳቸው ነው፤ ምርቃት ሲሆን መጀመሪያ እሳቸው ናቸው፤ ሥራ አስኪያጅነትም ሲመጣ እንደዚያው ለእሳቸው ሆነ። ሥራ ያስኬዳሉ ብለን አይደለም፣ ለክብር ነው። ሐጂ ዱዓ አደረጉ፣ የአጎቴ ንስሐ አባት መረቁን፣ አሜን ብለን ተበተንን። ማህተሙን አጎቴ በጋቢያቸው ጫፍ ቋጥረው ወደ አምባሰል ይዘውት ሄዱ። ከዚያ ወዲያ አንድ ቀን እንኳ አስተዳድረው አያውቁም። ጀልባዋን በአይሱዙ ማስጫን የመጀመሪያ ሥራቸው ነበር።

ጀልባዋን ወስደው ያሳረፏት ዋንዛው የነበረበት ቦታ ላይ፣ ጉቶው አጠገብ ነው። ያን ዋንዛ የተከሉት ሚስታቸው ናቸው፣ በሙሽርነታቸው። ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ አጎቴ ደጁ ባዶ ሆነባቸው። "እሷም የለች፣ ጥላዋም የለ" ይላሉ። ከሰዓት በኋላ ጃንጥላ ዘርግተው ጀልባዋ ውስጥ ይቀመጣሉ። ለቅሶ ሊደርስ የመጣው ሰውም ሰውየውን ብቻቸውን እንዳይተው እያለ እዚያው ይገባል። አንድ ቀን ብሄድ ነጠላ ያዘቀዘቀ ሰው ግራና ቀኝ ተደርድሮበታል፤ ከሩቅ ለሚያየው ጎርፍ የሚጠብቁ ይመስላሉ። ማዘንም አማረኝ፣ መሳቅም አማረኝ፣ ከሁሉ ይልቅ ግን ተናደድኩ። የግሸን ንግሥ ደርሷል። ጀልባ የሌለው የጀልባ ማህበር ይዘን ልንቀመጥ ነው።

መጀመሪያ ያደረግነው ማንም የወሎ ሰው የሚያደርገውን ነው፤ ሽማግሌ ላክን። ሐጂ ሄዱ። ጠዋት ሄደው ማታ ሲመለሱ ፊታቸው በርቷል።

"እሺ አሉ?" አልኳቸው።

"ወላሂ ሰውየው ሐቅ አለው" አሉኝ።

"ሐጂ፣ የላክንዎት እኮ እሳቸውን ሊያሳምኑ ነው።"

"ሄድኩ፣ አሳመነኝ።"

ቀጥሎ አስጋሪው ሄደ። እሱ ልበ ቀና ሰው ነው፣ ለክርክር አይሆንም፤ ግን ጀልባዋን የሚወዳት እሱ ስለሆነ ይጨክናል ብዬ ነበር። ሲመለስ "አብሽሪ፣ ምንም አትሆንም። ፀሐይ እንዳይሰነጥቃት እኔና እሳቸው ጆንያ እያረጠብን ሸፍነንላት መጣን" አለኝ። ይህን ሲሰማ ደሙ የማይፈላ ሰው ካለ እኔ አይደለሁም።

ራሴ ወጣሁ። አጎቴ ጀልባቸው ውስጥ ነበሩ። ከውጭ ቆሜ ተናገርኩ፤ ከገባሁ እንደ ሐጂ መሆኔ ነው።

"አጎቴ፣ መንገደኛው ሊመጣ ነው። ቤቴም ጦሙን እያደረ ነው። ይመልሱልን።"

"አውቃለሁ ልጄ።"

"ካወቁ ታዲያ?"

"በእጄ አልሰጥም። እሷን በእጄ አፈር አልብሼ መጥቼ፣ ዋንዛዋን ደግሞ በእጄ ላስረክብ? አይሆንም። ፍርድ ቤት ሂዱና ዳኛ ይውሰዳት። ዳኛ ከወሰዳት ቅር አይለኝም። በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ትቆጨኛለች ይባል የለም?"

"አጎቴን ከስሼ ሰው ምን ይለኛል?"

"ምን ይልሻል፣ ከሳሽ ይልሻል" አሉና ጃንጥላቸውን አስተካከሉ።

ፍርድ ቤቱ ደጃፍ ማመልከቻ የሚጽፍ ሰው አለ። ሦስታችንንም ከሳሽ፣ አጎቴን ተከሳሽ አድርጎ ጻፈልን። እኔና ሐጂ አስጋሪውን አስከትለን ገባን። ሬጅስትራሩ አነበቡትና መነጽራቸውን ወደ ግንባራቸው ሰቀሉ።

"ጀልባዋ የማን ናት?"

"የእኛ" አልኩ።

"የእናንተ ናት ወይስ የማህበሩ?"

"ማህበሩስ እኛ አይደለን?"

"አይደላችሁም" አሉ። ሰው ስሙን ጠርቶ "አንተ አይደለህም" እንደተባለ ያህል ደነገጥን። "ማህበሩ በንግድ መዝገብ የተመዘገበ፣ የራሱ የሕግ ሰውነት ያለው ነው። ንብረቱ የራሱ ነው። ንብረቱ ሲነካ የሚከሰውም ራሱ ነው። እናንተ በስማችሁ የመክሰስ መብት የላችሁም።"

ሐጂ ትንሽ አሰቡና "እሺ፣ እሱን ከየት እናምጣው?" አሉ።

"አይመጣም። በሥራ አስኪያጁ በኩል ነው የሚከሰው። ሥራ አስኪያጁ ፈርሞና ማህተም አድርጎ ክሱን ያቅርብ። ማነው ሥራ አስኪያጃችሁ?"

እኔ ሐጂን አየሁ። ሐጂ ጣሪያውን አዩ። አስጋሪው፣ ውሸት የማይሆንለት ምስኪን፣ "ተከሳሹ ናቸው" አለ። ሬጅስትራሩ ማመልከቻውን ቀስ አድርገው ወደ እኛ ገፉት።

ተመለስን። ሰው እንዴት ራሱን እንዲከስ ይጠየቃል? ሐጂ "በየትኛው ዓይኔ?" እያሉ ቀሩ። ደግሜ እኔው ወጣሁ። ክሱ በማህበሩ ስም እንደገና ተጽፎልኛል፤ ከሥሩ "የከሳሽ ሥራ አስኪያጅ" የሚል ባዶ ቦታ አለው። ላቀርብላቸው ስል አፌ ተሳሰረ፤ ደህና ነዎት ብዬ፣ ከብቱ ደህና ነው ብዬ፣ ዝናቡ ደህና ነው ብዬ መጨረሻ ወረቀቱን ጭናቸው ላይ አኖርኩት። አጎቴ የቄስ ትምህርት ስላላቸው ፊደል ያነባሉ። እያንዳንዷን ቃል በጣታቸው እየተከተሉ አነበቡ።

"'ያለ አግባብ ወስዶ' ብቻ?" አሉ። "ይሄ ለስላሳ ነው። 'በማን አለብኝነት' የሚል ጨምሩበት።"

"አጎቴ፣ ስለ እርስዎ እኮ ነው።"

"አውቃለሁ። ግን ማህበሩ የሰጠኝ ሹመት ነው፣ ለእሱም መቆም አለብኝ። አንቺስ ብትወክይኝ እንዲህ አልቆምልሽም?" አሉና ከጋቢያቸው ጫፍ ማህተሙን ፈትተው፣ ትንፋሻቸውን እፍ ብለውበት፣ ደህና አድርገው መቱት። ቀጥለው "መጥሪያውም ሲወጣ ለእኔ ይሰጠኝ፣ ተከሳሹን አገኘዋለሁ" አሉ። ስወርድ መንገዱን ሙሉ ብቻዬን እየሳቅኩ ነበር፤ ያየኝ ሰው አብዳለች ብሏል መቼም።

የቀጠሮው ቀን ችሎቱ ጢም ብሎ ነበር፤ ወሬው ቀድሞን ደርሷል። ችሎት አስከባሪው "ከሳሽ!" ሲል አጎቴ ከነከዘራቸው ብድግ አሉ። "ተከሳሽ!" ሲል ሰው ሁሉ ዞሮ ፈለገ። አጎቴ እንደቆሙ "አቤት" አሉ።

ዳኛዋ ወጣት ሴት ናቸው፤ መዝገቡን አዩ፣ አጎቴን አዩ።

"አባቴ፣ እርስዎ የትኛው ነዎት?"

"ሁለቱም ነኝ፣ ክቡር ፍርድ ቤት።"

"ሰው ራሱን አይከስም እኮ።"

"ራሴን አልከሰስኩም። ማህበሩ ነው የከሰሰኝ። ማህበሩ ከእኛ የተለየ ሰው ነው፣ ራሱ ይከሳል ብለው የመለሷቸው እዚሁ ነው። እኔ እሱን ወክዬ መጥቻለሁ፤ ራሴንም ሆኜ መጥቻለሁ።"

ችሎቱ አጉረመረመ። ዳኛዋ መዝገቡን ከፍ አድርገው ያዙት፤ ፊታቸውን መሸፈናቸው እንደሆነ ትከሻቸው አሳበቀ። ሳቃቸውን ሲጨርሱ ለወጉ ያህል "ከሳሽ ስለ ክሱ የሚለው አለ?" አሉ። አጎቴ ሁለት እርምጃ ወደ ግራ ሄዱና፣ እንደዚያ ሆነው አይቻቸው በማላውቀው ቁጣ ጀመሩ። "ይህ ተከሳሽ ምክር የማይሰማ ግትር ሰው ነው። ሽማግሌ ተልኮበት ሽማግሌውን ወደ ራሱ አዙሯል። የአባት ሀብት ይመስል ጀልባ ውስጥ ተኝቶ ይውላል። የእህቱ ልጅ ሥራ ፈትታ እያየ ዝም ብሏል። ይፈረድበት።" ከዚያ ወደ ቀኝ ተመለሱና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው "እውነቱን ነው" አሉ።

ሐጂ አጠገቤ ተቀምጠው በምርኩዛቸው ላይ ተደፍተው ይስቃሉ፤ እንባቸው ይወርዳል። እኔም ሳቅኩ። ግን "የእህቱ ልጅ" ሲሉ ሳቄን አቆምኩ፤ ያንን ማንም አልጻፈላቸውም።

ዳኛዋ መጨረሻ ላይ በትሕትና አስረዷቸው። ማህበሩ የመክሰስ መብት አለው፤ ነገር ግን ስለ እሱ የሚቆመው ሰው ጥቅሙ ከእሱ ጋር የሚጋጭ ሊሆን አይችልም። ስለዚህ ከሳሽ እንደ ሕጉ አልቀረበም። አባላቱ ተሰብስበው ሌላ ሥራ አስኪያጅ ይሹሙና ክሱን እንደገና ማቅረብ ይችላሉ ብለው መዝገቡን ዘጉት። አጎቴ እጅ ነሥተው ወጡ፤ በር ላይ "ጥሩ ተከራከርኩ?" ብለው ጠየቁኝ።

አሁን የቀረው እሳቸውን መሻር ነው። ቀላል ይመስላል። የአባላት ስብሰባ በእኔ ቤት ተጠራ፤ መመስረቻ ጽሑፉ ስብሰባውን የሚመራው ሥራ አስኪያጁ ነው ስለሚል አጎቴ ሰብሳቢ ሆኑ። አጀንዳውን ማን ይናገረው? ሐጂ ስለ ዝናቡ ተናገሩ። አስጋሪው ዘንድሮ ዓሣው ወደ ጥልቁ ሸሽቷል አለ። እኔ ምላሴ ረጅም ነው የምባለው ሴትዮ፣ ቂጣ ቆርሼ አቀረብኩ። ሐጂ አርዲቦ አካባቢ ስላለ የዘመዳቸው በሬ አንድ ረጅም ታሪክ ጀመሩ፤ በሬው ገደል ከመግባቱ በፊት አጎቴ ትዕግሥታቸው አለቀ።

"የተሰበሰባችሁት እኔን ልትሽሩ ነው፤ ምን ያሳፍራችኋል? አንደኛ አጀንዳ፣ ሥራ አስኪያጁን ስለመሻር። የሚደግፍ እጁን ያውጣ" አሉና የራሳቸውን እጅ አወጡ።

ሐጂ ፊታቸውን አዙረው እጃቸውን አወጡ። እኔም አወጣሁ። "የሚቃወም?" ሲሉ አስጋሪው እጁን አወጣ።

"አንተ ደግሞ ምን ሆነህ ነው?" አሉት አጎቴ።

"እንዴት ፊት ለፊት እያዩኝ እሽርዎታለሁ?"

"አውርድ! ማህበሩን ልታፈርሰው ነው?" ብለው ተቆጡት፤ አወረደ። ሁለተኛው አጀንዳ አዲስ መሾም ነበር። አጎቴ ማንንም ሳያማክሩ "እሷ ትሁን" አሉና ማህተሙን ፈትተው መዳፌ ላይ አኖሩት። ከገላቸው ሙቀት የተነሣ ሞቃት ነበር። ቃለ ጉባኤው ተጽፎ ተመዘገበ፣ ክሱም እንደገና ቀረበ፤ አሁን ከሥሩ ያለው ፊርማ የእኔ ነው።

ሁለተኛው ችሎት ላይ ሰው አልሳቀም። እኔ በከሳሽ በኩል ቆምኩ፣ አጎቴ በተከሳሽ በኩል ብቻቸውን። ዳኛዋ ወረቀቶቹን ሲያገላብጡ ቆዩና ወደ አጎቴ ዞሩ።

"አባቴ፣ ዋንዛው በትዳር ያፈራችሁት ሀብት ነው። ለማህበሩ ሲሰጥ የባለቤትዎ ፊርማ የለም። ባለቤትዎ ተስማምተው ነበር?"

ጠበቃ ባልሆንም ጥያቄው ገባኝ። "አልተስማማችም" ካሉ የማህበሩ መብት ጥያቄ ውስጥ ይገባል፤ ጉዳዩ ይጓተታል፣ ጀልባዋም ከጉቶው አጠገብ ትቆያለች። ሟቿን ማን ይጠይቃቸዋል? ሐጂም ገብቷቸዋል፤ አጎቴን ያያሉ። እውነቱን ልናገር፣ ብቻቸውን ቆመው ሳያቸው አሳዝነውኝ፣ ከሳሽ ሆኜ ቆሜ "አልተስማማችም ይበሉ" ብዬ በልቤ ለመንኳቸው።

አጎቴ ከዘራቸውን ከአንድ እጅ ወደ ሌላ እጅ አዛወሩ።

"ተስማምታለች" አሉ። "እምቢ ያልኩት እኔ ነበርኩ። እሷ ናት 'ይቆረጥ' ያለችው። 'ይህቺ ልጅ ዕድሜ ልኳን በሰው ምድጃ ስትጠበስ ልትኖር ነው? ግማሹን በእሷ ስም አጻፍላት፣ ያንተ አሳብ አስመስለህ ንገራት፤ ከእኔ ከሆነ ታፍራለች' አለችኝ። መጥረቢያውንም ያቀበለችኝ እሷ ናት። ጀልባዋ የማህበሩ ናት።"

እኔ ያን ዕለት ነው የሰማሁት። ሴትዮዋን በየበዓሉ ጠይቄያቸዋለሁ፣ ታመው አስታምሜያቸዋለሁ፣ ቀብሬያቸዋለሁ፤ አንድ ቀን እንኳ አመሰግናለሁ ብያቸው አላውቅም፤ ማመስገኑ ሁሉ ለአጎቴ ነበር።

"ከሳሽ ምን ይላል?" አሉ ዳኛዋ።

ያን ጊዜ ነው የማህበር ነገር በደንብ የገባኝ። እኔ እዚያ እኔ አይደለሁም፤ የቆምኩት ለእሱ ነው። እሱ ደግሞ አጎት የለውም፣ የሞተችበትም የለም፣ አያለቅስም። "ጀልባዋ ለማህበሩ ትመለስልን፣ ክቡር ፍርድ ቤት" አልኩ። አጎቴ ከማዶ አንገታቸውን ነቅነቅ አድርገው "ጎበዝ" አሉ፤ ዳኛዋም እንዳልሰሙ ሆነው ጻፉ። ተፈረደ።

ጀልባዋን ራሳቸው አጎቴ ናቸው ጎረቤት አስተባብረው አይሱዙ ላይ ያስጫኗት። ሐይቁ ዳር ስናደርሳት ገፍተን ውሃ ላይ አሳረፍናት። አስጋሪው ሞተሩ ጋ ሄደ፣ እኔና ሐጂም ገባን። አጎቴ ዳር ላይ ቆመው ቀሩ።

"ይግቡ እንጂ" አላቸው አስጋሪው።

"የሰው ንብረት ላይ ዝም ብሎ አይገባም" አሉ። "ሥራ አስኪያጇ ትፍቀድ።"

ቀልድ መስሎኝ ልስቅ ስል ዓይናቸውን አየሁት። ቀልድ አልነበረም። ወርጄ ውሃው ውስጥ ቆምኩና እጄን ዘረጋሁላቸው።

"ፈቅጃለሁ አጎቴ። ይግቡ።"

ገቡ። መሃል ላይ ተቀመጡና እንጨቱን በመዳፋቸው አንዴ ዳበሱት። በለቅሶውም በአርባውም ጠብታ እንባ ያላወጡት አጎቴ እንደ ልጅ ድምፅ አውጥተው አለቀሱ። ሐጂ ትከሻቸውን ይዘው "አብሽር ወንድሜ፣ አብሽር" ይላሉ። አስጋሪው እጁን ሞተሩ ላይ እንዳደረገ፣ እሳቸው እስኪጨርሱ ሳያስነሳ ጠበቀ።